እታለም ዘርፌ ሦስት ጊዜ ያለችው

ጡረታ የወጣሁ ዕለት የፍርድ ቤት ባልደረቦቼ አንድ ጥሩ ብርድ ልብስ ሰጡኝና «በል እንግዲህ አቶ ይሁኔ፣ የሥራ ዘመንህን አጫውተን» አሉኝ። ዕድሜዬ ለጡረታ ገና ነበር፤ ወገቤ ነው ቀድሞኝ ማመልከቻ ያስገባው። እኔም እንደ ልማዴ አሳቅኳቸው። ይጁቤ ጸሐፊ ሳለሁ የአንዱን ክስ ለሌላው አንብቤ ሁለቱም እንዴት እንዳለቀሱ፣ ደጀን ሳለሁ የምስክር ቃል እየጻፍኩ እንቅልፍ ወስዶኝ ሕልሜን መዝገብ ላይ እንዳሰፈርኩ፣ ደብረ ማርቆስ ተዛውሬ የአገውኛ አስተርጓሚ ስሆን ደግሞ ዳኛው «ይኼ ሰውዬ የሚያስተረጉም ነው ወይስ የሚጨምር?» እንዳሉ ነገርኳቸው። ሰዉ እየሳቀ በላ፣ ጠጣ፣ ተበተነ።

ቤት ስንገባ ባለቤቴ «ሁሉን ተናገርህ፤ መጀመሪያውን ግን ዘለልኸው» አለችኝ።

«የቱን?»

«የጣልያኑን ነዋ። ሌላውን ስታወራ አንዱ ነገሩን ወደዚያ እንዳይወስደው ስትፈራ ነበር። እኔ ዓይንህን አውቀዋለሁ።»

እውነቷን ነው። አሁን ሥራዬ ዶሮ ማርባት ነው፤ ዶሮ ያለፈ ታሪክ አይጠይቅም። ማንም ስላልጠየቀኝ ነው እንግዲህ ልጻፈው ያልኩ።

አባቴ በቅሎ ጭኖ የሚነግድ ሰው ነበር። እኔ ያደግኩት ዳንግላ፣ አገው ምድር ነው፤ አገውኛውን ከጎረቤት ልጆች ጋር ስሰዳደብ ተማርኩት። ከፍ ስል ደብረ ማርቆስ ለዜማ መምህሩ ለመሪጌታ ፈንቴ ተሰጠሁ። የኔታ ጥቂት ዓመት ታገሡኝና አንድ ቀን ሳዜም ሰምተው «ልጄ፣ ጆሮህስ የመልአክ ነው፤ ጉሮሮህን ግን ከየት አመጣኸው?» አሉኝ። ልክ ናቸው። ጆሮዬ የሰውን ስሕተት ሁሉ ይሰማል፤ ጉሮሮዬ ያንኑ ስሕተት ሁሉ ይሠራል። ቢሆንም አላባረሩኝም፤ የሌሎቹን ተማሪዎች ስሕተት እንድለቅም አጠገባቸው አስቀመጡኝ። በዚህ ምክንያት ወዳጅ አላፈራሁም።

ጣልያን ደብረ ማርቆስ ገብቶ ሲመሽግ ሃያ ሁለት ዓመቴ ነበር። ያን ጊዜ ከተማው ውስጥ ሁለት ዓይነት ሰው ነበር፤ ጣልያኑን የሚፈራና አርበኛውን የሚፈራ። እኔ ሁለቱንም እኩል እፈራ ነበር፤ አድልዎ አልወድም። ውሻ ሲጮኽ እደነግጣለሁ፤ ዝም ሲል ደግሞ ማን ዝም አሰኘው ብዬ እደነግጣለሁ። ሰው ገበያ ሄዶ ሳይመለስ ይቀራል፤ ዘመዶቹ ደግሞ የት ሄደ ብለው ለመጠየቅ ይፈራሉ።

ምሽጉ ውስጥ አንድ ካፒቴን ነበር፤ ቀጭን፣ መነጽራም። ሌላው ጥይት ሲቆጥር እሱ ቃል ይቆጥራል። ከረን ብዙ ዘመን ኖሮ ትግርኛና ብሊንኛ ተምሯል። አማርኛም ይናገራል፤ ወንዱን ሁሉ ሴት፣ ሴቱን ሁሉ ወንድ ያደርጋል እንጅ። እሱ እንደሚለው ከረን ያሉት ብሊኖች፣ ሰቆጣ ያሉት ኽምጣዎች፣ ጎንደር አጠገብ ያሉት ቅማንቶችና የእኛ የጎጃም አገዎች ቋንቋቸው የአንድ እናት ልጅ ነው። ማን ታላቅ፣ ማን ታናሽ እንደሆነ፣ ማንኛው ቀድሞ ከእናቱ ቤት እንደወጣ ከድምፁ ለይቶ መጽሐፍ ሊጽፍ ይፈልጋል። የጎጃሙ አገውኛ ግን እምቢ አለው፤ ጆሮው አልያዘለትም። «በዚች ከተማ ጆሮ ያለው ማን ነው?» ብሎ ጠየቀ። ሰው ሁሉ ወደ የኔታ አመለከተ። የኔታም አገውኛ ስለማይችሉ ወደ እኔ አመለከቱ።

«እምቢ ብንልስ፣ የኔታ?» አልኳቸው።

«ባለፈው እምቢ ያለው ሰው የት እንዳለ ታውቃለህ?»

«አላውቅም።»

«እኔም አላውቅም። ችግሩ እሱ ነው።»

ሄድን። ደመወዛችን ጥቂት ሊሬና ዱቄት ነበር፤ በዱቄቱ ውስጥ ከእኛ ቀድመው የሰፈሩ ነቀዞች ነበሩ።

ቋንቋዋን የምትነግረን ሴት እታለም ዘርፌ ነበረች። አገው ምድር ተወልዳ ለአንድ የደብረ ማርቆስ ሸማኔ ተድራ መጣች፤ ባሏ ሞቶባት ጥጥ እየፈተለች ትኖራለች። አማርኛዋ የገበያ አማርኛ ነው፤ ከ«ስንት ነው?» እና ከ«ቀንስልኝ» ብዙም አያልፍ። በአገውኛ ግን ምላሷ እንደ ምላጭ ነው። መጀመሪያ ቀን ምሽጉ በር ላይ ስትንቀጠቀጥ አገኘኋትና በአገውኛ «አይዞሽ፣ እኔ ከአንቺ የበለጠ እየፈራሁ ነው፤ ከኋላዬ ሁኝ እንዳልል እኔ ከኋላሽ ልሁን» አልኳት። ሳቀች። ከዚያ ወዲህ እኔ ካልገባሁ አትገባም።

የኔታ አሠራራቸው እንዲህ ነበር። እታለም ዘርፌን በባዶ እጇ አያስቀምጧትም፤ እንዝርቷን ይዛ እንድትመጣ ያደርጋሉ። «እጁ ሥራ የያዘ ሰው አፉን አይጠብቅም» ይላሉ። ስትናገር ዓይናቸውን ጨፍነው በሁለት ጣታቸው የራሳቸውን ጉሮሮ ይይዛሉ፤ በከንፈራቸው ብቻ ከእሷ ጋር ይላሉ። መጀመሪያ የተባለውን ፈጽሞ አይጽፉም። ሦስት ጊዜ ያስብሏታል።

«የመጀመሪያው የሐፍረቷ ነው» አሉኝ። «ሁለተኛው አንተን ደስ ለማሰኘት ነው። ሦስተኛው ሲሰለቻት የምትለው ነው፤ ቋንቋው እሱ ነው።»

ካፒቴኑ የፈረንጅ ፊደሉን ይዞ ሲታገል የከረመበትን የድምፁን ከፍታና ዝቅታ የኔታ በዜማ ምልክት ያዙት። ቃሉን በእኛው ፊደል ይጽፉና፣ ድምፁ ከፍ ለሚልበት ቅናት፣ ደረት ውስጥ ለሚወርድበት ደረት፣ ወጥቶ ለሚወድቅበት ድፋት ያደርጉበታል፤ መካከለኛውን ባዶውን ይተዉታል። ካፒቴኑ ይህን ሲያይ መነጽሩን አውልቆ ዓይኑን ጠረገ። በእኛ ፊደል የሌሉ ድምፆችም ነበሩ። በአገውኛ ሁለት ሲሉ መሐል ላይ አፍንጫ ውስጥ የምትቀረዋን ድምፅ «ነ» ላይ ቀንድ አበጅተን ጻፍናት። ከእንጥል ሥር የምትወጣዋን ለመያዝ እኔ አፌን ከፍቼ ዘርፌ እንጥሌን በስንደዶ እየጠቆመች አሳየችኝ፤ አስመለሰኝ፤ ከዚያ በኋላ ግን አልጠፋችኝም።

ካፒቴኑን ያስጨነቀው ደግሞ የጎደለው ነበር። ብሊንኛ እንደኛ «ጠ» እና «ቀ» አለው፤ የእታለም ዘርፌ አገውኛ ግን እነዚህን ፈንድተው የሚወጡ ድምፆች አያውቃቸውም። አንድ ሳምንት ሙሉ ፈለገ። «የት ሄደ ጠ? ይሄ ሴትዮ ደብቋል!» ይለኛል። እኔም ለማሳቅ ብዬ «ጌታዬ፣ ሸፍተው ጫካ ገብተው ይሆናል» አልኩት። አልሳቀም። መነጽሩን ወደ እኔ አዞረና አየኝ። ያን ቀን ማታ እህል ከአፌ አልገባም።

ከካፒቴኑ ጋር ከከረን የመጣ አንድ ሹምባሽ፣ የአስካሪ አለቃ፣ ነበር፤ ብሊን ነው፤ ለጣልያኖቹ ያስተረጉማል። አንድ ቀን ዘርፌ ስትቆጥር በር ላይ ቆሞ ሰማት። አምስት ላይ ስትደርስ «አንኳ» አለች። ሹምባሹ ጠመንጃውን ግድግዳ ላይ አስደግፎ ገባና አምስት ጣቱን ዘርግቶ «አንኳ!» አለ። እሷም አምስት ጣቷን ዘረጋች። እየተያዩ ሳቁ። «እናቴ ቤት የገባሁ መሰለኝ» አለኝ በትግርኛ ቅላፄው። ካፒቴኑ ጻፈ፣ ጻፈ፣ አላቆመም። ሹምባሹ ጠመንጃ የያዘ ሰው መሆኑን ለአፍታ ሁላችንም ረሳነው።

የኔታ ደግሞ የሥራው መጨረሻ ላይ አንድ ነገር አላቸው። ወረቀቱን ከማጠፋቸው በፊት የተጻፈውን ሁሉ በእኔ አፍ መልሰው ለዘርፌ ያስነብቡላትና «የሚቀር አለ?» ብለው ያስጠይቋታል። «ይቺ ትቅር» ካለች ከኪሳቸው ብራና የሚፍቁባትን ሰንጢ አውጥተው ይፍቋታል። ለምን ብለው አይጠይቋትም። እኔ የጨዋነት መስሎኝ ነበር። አሮጌ መምህር ለሴት የሚያደርገው አክብሮት መስሎኝ!

አንድ ዓርብ የኔታ ለክብረ በዓል ደብራቸው ቀሩ። ካፒቴኑ የዝምድናን ስሞች ከቀትር በፊት ይፈልጋል፤ አባት፣ እናት፣ አጎት፣ አማች እያለ የከረኑን ከጎጃሙ ሊያስተያይ ነው። «አንቺ ይሁኔ፣ ብቻሽን ሥሪ!» አለኝ። ደስ አለኝ። ሰው ብቻውን ሲታመን እኮ ደስ ይለዋል።

ዘርፌ እንዝርቷን እያሾረች ተቀመጠች። እኔም ጀመርኩ።

«የእናትሽን ወንድም ምን ብለሽ ነው የምትጠሪው?»

«የትኛውን?»

«ማንኛውንም።»

«ማንኛውንም የሚባል አጎት የለኝም። ትልቁ አለነ ነው፤ ሞቷል። ትንሹ ቢሻው ነው።»

«በይ የሞተውን ተይው፤ አይሰማንም። ቢሻውን እንዴት ትጠሪዋለሽ?»

«አንተ ደግሞ! አጠገቤ ሆኖ ነው ወይስ ርቆ?»

ይኼኔ ጆሮዬ ቆመ። ሰውን ስትጠራውና ስለሱ ስታወራ ድምፁ እንደሚለወጥ ጠርጥረን ነበር፤ አላገኘነውም። «ርቆ» አልኳት። «አሁን የት ነው ያለ? ባለበት አድርገሽ በይው።»

እንዝርቷ ቆመ። እኔ ምን አደረግኩ? አሳቅኳት። «ኧረ በይ እንጅ! ካልነገርሽኝ ካፒቴኑ የእኔን አጎት ይጠይቀኛል፤ የእኔ አጎት ደግሞ በግ ሰርቆ ነው የጠፋው» አልኳት። ፍርፍር ብላ ሳቀችና አለችው። በአማርኛ ስትመልሱት እንዲህ ነው፤ «የእናቴ ወንድም ቢሻው እግሩን ታሞ ሮብ ገበያ ዳር ከሚስቱ ወንድም ቤት ተኝቷል።»

ምን ልበላችሁ፤ እንደዚያ ያለ ዓረፍተ ነገር ሰምቼ አላውቅም። ከፍ የሚለው አለ፣ ደረት የሚገባው አለ፣ ወጥቶ የሚወድቀው አለ፤ የአፍንጫዋም የእንጥሏም ድምፅ አለች። ሁለት ወር ያሳደድነው ሁሉ በአንድ ትንፋሽ መጣ። እንደ የኔታ ሥርዓት ሦስት ጊዜ አስባልኳት። ሦስተኛውን ሰልችቷት አለችው፤ ከነምልክቱ አሳምሬ ጻፍኩት። ሰዓቱ ደርሶ ስለነበር መልሼ አላነበብኩላትም። «የሚቀር አለ?» አላልኳትም። ካፒቴኑ ወረቀቱን ተቀብሎ ሳጥኑ ውስጥ ቆለፈበት።

ማክሰኞ ጠዋት ከየኔታ ጋር ወደ ምሽጉ ስንወጣ ልመሰገን ብዬ ያቺን ዓረፍተ ነገር በቃሌ አልኩላቸው። መቼም አገውኛ ሲሰሙ ከርመው ጥቂት ጥቂት ይሰሙ ጀምረዋል። ቆሙ።

«ምን ማለት ነው?»

ነገርኳቸው።

«መልሰህ አስነበብካት?»

«ጊዜ አልነበረም፣ የኔታ።»

«እግሩን ምን ሆኖ የታመመ መሰለህ?»

ያን ጊዜ ነው የገባኝ። ከሮብ ገበያ ወዲያ ጮቄ ነው፤ ጮቄ ደግሞ አርበኛው ነው። ያን ሰሞን እግሩን የታመመ ጎልማሳ ሁሉ በምን እንደታመመ ሕፃን እንኳ ያውቃል። እታለም ዘርፌ እኮ ለጣልያን አልነገረችም፤ ለእኔ ነው የነገረችኝ። የሚያስፈራራት ሰው ቢጠይቃት ኖሮ አፏን አትከፍትም ነበር፤ የነገረችኝ እንደ እሷ የምፈራ መሆኔን አውቃ ስላመነችኝ ነው።

«ሳጥኑ ሲከፈት መጀመሪያ ያን ወረቀት ስጠኝ» አሉ የኔታ፣ ኪሳቸውን ዳስሰው። «ሌላውን ለእኔ ተወው።»

ስንደርስ ሳጥኑ ተከፍቷል። አጠገቡ የፖለቲካ ቢሮው መኮንን ተቀምጧል፤ ሹምባሹ ከኋላው ቆሟል። አንድ የተያዘ ሰው ሲገረፍ ቢሻው የሚባል የቆሰለ አገው በዚያ አውራጃ ተደብቋል ብሏል። ካፒቴኑ ደግሞ ራት ላይ «እኔ የአገዎችን ዘር እስከ ሰባት ቤት ቆጥሬ ይዣለሁ» ብሎ ፎክሯል። መኮንኑ ይህን ሰምቶ ነው የመጣ።

ሹምባሹ አንድ ወረቀት አንሥቶ አገላበጠና «ፊደሉስ ፊደል ነው፤ ግን ተባይ የወረረው ይመስላል» አለ። ምልክቱን ማለቱ ነው። ከነምልክቱ አቃንቶ የሚያነበው የኔታና እኔ ብቻ ነን፤ ካፒቴኑም ፊደላችንን ገና አልለመደውም።

የኔታ ሆዳቸውን ያዙ። «ሹምባሽ፣ ሆዴን አሞኛል። እኔ አገውኛ አልሰማም፤ የሚያነበው እሱ ነው» አሉና በትራቸውን ይዘው ወጡ። ማንም አልከለከላቸውም። ሲወጡ ወደ እኔ አላዩም። ወዴት እንደሚሄዱ ግን አወቅኩ፤ ወደ ዘርፌ። የእኔ ሥራ ማቆየት ነው።

እኔ በሕይወቴ አንድ ጊዜ ረዥም ንግግር አድርጌ አውቃለሁ፤ እሱም ያን ቀን ነው። «ጌታዬ፣ ይኼ ጽሕፈት ከመጀመሪያው ካልተነበበ አይገባም» ብዬ ከአንደኛው ወረቀት ጀመርኩ። ቅናት ይኼ ነው፣ ደረት ይኼ ነው እያልኩ በዚያ ጉሮሮዬ አዜምኩላቸው። ሹምባሹ ላቡ እየተንጠባጠበ ያስተረጉማል። መኮንኑ «ስሙ! ስሙ የት አለ?» ይላል። እኔ «እዚያ ለመድረስ የእንጥሏን ድምፅ ማወቅ አለብን» እላለሁ። ካፒቴኑ አዳነኝ ልበል፤ ስለ «ጠ» ስነካበት ነደደ። ተነሥቶ ለመኮንኑ ያስረዳው ጀመር፤ ብሊንኛ እንዲህ ነው፣ የኽምጣው እንዲህ ነው፣ የጎጃሙ ቀድሞ ተለይቶ ለዚህ ነው እንዲህ የሆነ፤ ጠረጴዛውን ይደበድባል። መኮንኑ ሽጉጡን አውጥቶ ወረቀቶቹ ላይ አስቀመጠ። ጭኔ ሲንቀጠቀጥ ወንበሩ ይጮኻል።

ቀትር ሆነ። ጣልያን ለምንም ነገር ምሳውን አይተውም። ሳጥኑን ለሹምባሹ አስጠብቀው፣ በሩን በላያችን ዘግተው ሄዱ።

ሹምባሹ ድምፁን ዝቅ አድርጎ «ስም አለበት?» አለኝ።

አፌን ስከፍት እጁን አነሣ። «ተው! አትንገረኝ። ካወቅኩ ማስተርጎሜ አይቀርም።»

እኔ በሆዴ አሰናዳሁ። ቢሻው በሚለው ፋንታ የሞተውን፣ አለነን እላለሁ። ሮብ ገበያ በሚለው ፋንታ ዳንግላ እላለሁ። ለሞተ ሰው ምን ያመጡበታል? ደጋግሜ በልቤ ወጣሁት።

ተመለሱ። መኮንኑ የዝምድናውን ወረቀት ካፒቴኑ ራሱ ከላዩ ባሰፈረው የፈረንጅ ጽሕፈት ለይቶ እንዲሰጠኝ አደረገ። ያዝኩት። ሹምባሹ ፊቱን ወደ መስኮቱ አዞረ። ያን ጊዜ አላስተዋልኩትም እንጅ እሱ እኮ ፊደል ያነባል፤ ሆን ብሎ ነው የዞረ። በዚያ ክፍል ውስጥ የማነበውን የሚቆጣጠር አንድም ሰው አልነበረም።

አነበብኩ። እንደተጻፈው አነበብኩ። ከነቅናቱ፣ ከነድፋቱ። «ቢሻው» አልኩ። «ሮብ ገበያ» አልኩ።

እኛ የዜማ ቤት ልጆች አንዲት ፊደል ከዘለልን ጀርባችን ይነገረው ነበር። ወረቀት ፊት ሲሆን አፋችን የእኛ አይደለም። ብዙ ዘመን ለራሴ የነገርኩት ይህን ነው፤ ልማድ ነው እያልኩ። ባለቤቴ ፍርሃት ነው ትላለች። ሁለቱንም መዝኛቸው አውቃለሁ፤ የትኛው እንደሚከብድ አሁንም አላውቅም። አንብቤያለሁ።

ሹምባሹ ቶሎ አላስተረጎመም። ግን ሮብ ገበያን ማን ያስተረጉመዋል? መኮንኑ በራሱ ሰምቶ ብድግ አለ። ካፒቴኑም ትከሻዬን መታ መታ አደረገና «ጎበዝ ይሁኔ! ጥሩ አነበብሽ!» አለኝ።

የኔታ ጠዋት ከምሽጉ ወጥተው በቀጥታ ለዘርፌ ነግረዋት ነበር። ቅርጫቷን ተሸክማ እንደ ገበያተኛ ሆና በእግሯ ሄደች። ምን እንዳለች ጠየቅኳቸው። «'የነገርኩት ለይሁኔ ነበር' ነው ያለች፤ ሌላ አላለችም» አሉኝ። ዝናብ መንገዱን ስላበላሸው ወታደሮቹ በማግሥቱ ነው የደረሱ። እሷ ቀድማ ደርሳለች። ቢሻውን በቃሬዛ ተሸክመው ወደ ጮቄ አወጡት። ወታደሮቹ ቤቱን አቃጠሉት፤ ሰውየውን አላገኙትም።

እኔ ይህን ስሰማ እግዚአብሔርን አመሰገንኩ። የኔታ ግን አልጨረሱም ነበር።

«በሦስተኛው ቀን ውርጩ ላይ ሞተ» አሉ። «ቁስሉ በመንገድ ተከፈተ።»

«ቁስሉ ያው... እዚያው ቢተኛም እኮ...»

«ሊሞት ይችል ነበር። ግን ከእሳት ዳር፣ ውኃ የሚያቀምሰው ሰው አጠገቡ እያለ ይሞት ነበር።» ሰንጢያቸውን ከኪሳቸው አውጥተው አዩአት። «ጥፋቱ የእኔም ነው። ስፍቅ አሳየሁህ እንጅ ለምን እንደምፍቅ አልነገርኩህም። እንዳትጠየቅ ስለፈራሁ ነው፤ የማታውቀውን ቢገርፉህም አትናገረውም ብዬ።»

ካፒቴኑ ሌላ ሴት አስመጥቶ ጥቂት ሠራን፤ ከዚያ ተዛወረ፤ ሳጥኑንም ይዞት ሄደ። መጽሐፉ ይውጣ አይውጣ አላውቅም። ወጥቶ ከሆነ ያቺ ዓረፍተ ነገር ለምሳሌ ተቀምጣበት ይሆናል፤ ያነበበ ፈረንጅ ሁሉ ቢሻው የሚባል ሰው እግሩን ታሞ እንደተኛ ያውቃል።

ነጻነት ሲመለስ ባንዳ ብለው ከሰሱኝ። የኔታ ቆመው መሰከሩልኝና ተለቀቅኩ፤ እሳቸውም ብዙ ሳይቆዩ ዐረፉ። ጽሕፈቴ ጥሩ ስለነበር ይጁቤ ጸሐፊ ሆንኩ፤ ከዚያ ደጀን፤ ከዚያ ደብረ ማርቆስ አስተርጓሚ። በየሄድኩበት እቀልዳለሁ፤ ዘርፌን ግን በዓይኔ አላየኋትም። ወደ አገሯ ተመልሳለች አሉ።

ደብረ ማርቆስ በሠራሁ በሁለተኛው ዓመት አንድ ቀን ዳኛው «አስተርጓሚ ቅረብ፤ ባለጉዳዩዋ አገው ናት» አሉ። ቀና ስል እሷ ናት። ጸጉሯ ሸብቷል። የባሏ ወንድሞች ቤቷ ያለበትን ቦታ ወስደውባት ልትከራከር ነው የመጣች። በአገውኛ «እንደምን ሰነበትሽ፣ እታለም?» አልኳት።

ወደ እኔ አልዞረችም። «ጌታዬ፣ በአማርኛ ነው የምናገር» አለች ለዳኛው።

«አማርኛሽ ይበቃሻል ወይ?»

«ይበቃኛል።»

አልበቃትም። «ቤት... ባል የሠራ... እኔ ጥጥ... እነዚህ መጡ» አለች። ያቺ ምላጭ የነበረች ሴት እንደ ሕፃን ተኮላተፈች። የባሏ ወንድሞች እየተጎሻሸሙ ይስቃሉ። ዳኛው ሰዓታቸውን ያያሉ። ቦታዋን ልታጣ ነው፤ ታውቀዋለች፤ ግን በእኔ ጆሮ ሁለተኛ አገውኛ አታስገባም።

ተነሣሁ።

«ጌታዬ፣ እኔ ለዚህች ሴት ማስተርጎም አይገባኝም።»

«ለምን? ዘመድህ ናት?»

አዳራሹ ሙሉ ነው። እግዚአብሔር ያሳያችሁ፣ ያን ጊዜ እንኳ አንድ ቀልድ ምላሴ ላይ መጥቶ ነበር። ዋጥኩት።

«በጣልያን ጊዜ የቆሰለ አጎቷ የተደበቀበትን እሷ አምና ነግራኝ ጻፍኩት። ለጣልያንም ያነበብኩት እኔ ነኝ። ሰውየው ሞተ።»

ሳቁ ቆመ። ከሥራ ያስወጡኛል ብዬ ነበር፤ ኋላ ሁለት ወር አግደው መለሱኝ። ያን ቀን ግን ያሉት «ውጣ» ብቻ ነው። ለዘበኛው ደግሞ «አንተ የዳንግላ ልጅ አይደለህም? ና አስተርጉም» አሉት።

ወጣሁ። ደጁ ላይ ስደርስ ከኋላዬ ድምፅዋ ተነሣ፤ በአገውኛ። ከፍ፣ ዝቅ፣ ወጥቶ ውድቅ፤ አንዲት ቃል ሳትደናቀፍ። ቆሜ ልሰማ እግሬ ዘገየ። ከዚያ ወደ ገበያው ቁልቁል ወረድኩ፤ ድምፅዋ እስከማይሰማኝ ድረስ ሄድኩ። ቦታው ጸናላት። ምን ብላ እንደተከራከረች ግን ዘበኛውን እስካሁን አልጠየቅኩትም።